የዘመን መርከቧ «አዌቱ» እና መምህር ከማል

መምህር ከማል አባ ሜጫ ከዚህ ዓለም ተለይተዋል። ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት ልጃቸው ሐሊማ ሻይ ይዛላቸው ስትገባ፣ ጅማ ጊንጆ ሰፈር በሚገኘው ቤታቸው ውስጥ መስገጃቸው ላይ እንደተቀመጡ ግድግዳውን ተደግፈው አገኘቻቸው። «እትዬ ታደለች፣ አባዬ ሄደ» አለችኝ በስልክ። እኔ ስደርስ ጀናዛቸው ከበር ሊወጣ ነበር። ከአጋሮም፣ ከሊሙም፣ ከደዶም ተማሪዎቻቸው መጥተው ነበር፤ አብዛኞቹ ራሳቸው የሸበቱ ናቸው።

ይህን የምጽፈው መምህር ከማልን ለምታውቁ ሁሉ ነው። በለቅሶው ሦስተኛ ቀን ሐሊማን ለብቻዋ ጠርቼ አንድ ነገር ነገርኳት። እሷም «ስለ አባዬ የምትጽፊ ከሆነ ይህንንም ጻፊው» አለችኝ። ስለዚህ ጽሑፉ የምስጋና ብቻ አይደለም። የራሴም ጉዳይ አለበት።

በደርግ ዘመን ቦሳ አዲስ አጠገብ በነበረ አንድ የቡና ማበጠሪያ መጋዘን ቢሮ ውስጥ ታይፒስት ነበርኩ። ወላጆቼ ከዳውሮ የመጡ የጴንጤ እምነት ተከታዮች ናቸው፤ እኔም እንደነሱ። መምህር ከማል ጠዋት በትምህርት ቤት ጂኦግራፊ ያስተምራሉ፤ አሥር ሰዓት ሲሆን ደግሞ ወደ መጋዘናችን ይመጡና ቡናውን በእጃቸው እየለቀሙ ጥቁሩን ፍሬ ከደህናው ለሚለዩት ሴቶች የመሠረተ ትምህርት ያስተምራሉ። ረጅምና ቀጭን ነበሩ። ኮታቸው ሁልጊዜ የጠመኔ ዱቄት አያጣውም። ሴቶቹ ከጠዋት ጀምሮ ሲያጎነብሱ የዋሉ ስለሆኑ መምህር ከማል ወደ ትምህርቱ ከመግባታቸው በፊት «ሰላም ናችሁ ወይ? ወገባችሁስ?» ብለው ነበር የሚጠይቁት።

ሴቶቹ ፊደል ለዩ፤ ቃል መግጠምም ቻሉ። ከዚያ በኋላ ግን የሚነበብ ነገር ጠፋ። የነበረው ግድግዳ ላይ የተለጠፈው መፈክር ብቻ ነው፤ እሱን ደግሞ ሳያነቡም በቃላቸው ያውቁታል። አንድ ቀን መምህር ከማል ወደ ቢሮዬ ገብተው በእርሳስ የተጻፉ ጥቂት ወረቀቶች ጠረጴዛዬ ላይ አኖሩ። «ሰው ማንበብ የሚለምደው ቀጥሎ ምን እንደሚመጣ ሲጓጓ ነው» አሉኝ። «እስቲ ይህንን ስቴንስል ላይ ምቺልኝ።» ስቴንስል ያኔ ጽሑፍ በታይፕ ተመትቶበት በማባዣ ማሽን የሚባዛበት ስስ ወረቀት ነው።

የዘመን መርከቧ «አዌቱ» በዚያ ቀን ተወለደች።

አዌቱ ጅማን አቋርጦ የሚያልፈው ወንዛችን ነው፤ በበጋ ልጆች ዘለው ይሻገሩታል። ሴቶቹ በዚህ ወንዝ ስም መርከብ መሰየሙን ሲሰሙ በሳቅ ፈነዱ። መርከቧ ግን በውሃ ላይ አትሄድም፤ በዓመታት ላይ ነው የምትሄደው። ካፒቴኗ ዘይነባ የምትባል ቡና ለቃሚ የነበረች ሴት ናት። መርከቧን የሚያዛት አንድ ሕግ ብቻ ነው፦ አይታ ትጽፋለች እንጂ አትነካም፣ ምንም አታመጣም። በመጀመሪያው ጉዞዋ የድሮው የጅማ ገበያ ሂርማታ ከሩቅ አገር በመጡ ሲራራ ነጋዴዎች ወደሚሞላበት ዘመን ሄደች። በሁለተኛው ጫካው ውስጥ ገና የሰው እግር ያልረገጠበት ዘመን ደረሰች፤ ጸጥታው ከብዷቸው ሠራተኞቹ በሹክሹክታ ማውራት ጀመሩ። አንዱ ጉዞ በሽታ ያለፈበት ከተማ ያሳርፋቸዋል፤ ቤቱ ሁሉ ክፍት ነው፣ የሚመልስ ሰው ግን የለም። ስድስተኛው ላይ ደግሞ የመርከቧ ወጥ ቤት ሠራተኛ እናቱ በሕይወት ያለችበት ዘመን ሲደርስ ወርዶ ቀረ። ካፒቴን ዘይነባ ሁለት ቀን ጠብቃው ሄደች። በዚያ ቀን ሴቶቹ አልቅሰዋል።

ወረቀቶቹ ከመጋዘናችን ወጥተው ይዞሩ ጀመር። በአጋሮና በሊሙ ሰዎች በእጃቸው እየገለበጡ አነበቧቸው። አንድ የደዶ ገበሬ በሬያቸው የሞተባቸው ጊዜ ልጃቸው አንብቦላቸው ኖሮ፣ በእግራቸው ጅማ ድረስ መጥተው «መርከቧ የምትቆመው የት ነው?» ብለው ጠየቁ። መምህር ከማል አልሳቁባቸውም። ወንበር ስበው አስቀመጧቸውና ስለ በሬው አንድ ሰዓት ሙሉ አዋሯቸው። ሰውየው ሲወጡ «ባትኖርም ደግ መርከብ ናት» አሉ።

ለአንድ እትም የሚፈቀድልን ሁለት ስቴንስል ብቻ ነበር። ይህንን አስታውሱልኝ፤ ሁሉም ነገር የመጣው ከዚያ ነው።

በዚያ ዓመት ከተማው ጭር ማለት ጀመረ። ለብሔራዊ ውትድርና ወጣቶች ይታፈሱ ነበር። ከገበያ መልስ፣ ከኳስ ሜዳ፣ ከሻይ ቤት በር ላይ እየተያዙ በጭነት መኪና ይሄዳሉ። መኪናው ካለፈ በኋላ መንገዱ ላይ ነጠላ ጫማ ወድቆ ታያላችሁ፤ የሚያነሳው የለም። ሁላችንም እንደ እናት አዴ የምንላቸው አዴ ሳዲያ ከቡና ለቃሚዎቹ በዕድሜ ትልቋ ነበሩ። አንድ ልጃቸውን ጀማልን የወሰዱት ዘይት ሊገዛ በወጣበት ነው። አንድ ጊዜ ከሰሜን ጦር ግንባር ደብዳቤ መጣ፤ ከዚያ ወዲያ ጠፋ።

የቀበሌው የፖለቲካ ካድሬ መጋዘናችንን መጎብኘት የጀመረውም በዚያው ሰሞን ነው። ወጣት ነው፤ ሲናገር ድምፁን ከፍ አያደርግም። አንድ ቀን የመርከቧን ወረቀት ከአንዷ ሴት እጅ ተቀብሎ ቆሞ አነበበና ፈገግ አለ።

«ጓድ መምህር፣ ይህቺ መርከብ ሁልጊዜ ወደ ኋላ ነው እንዴ የምትሄደው? ያለፈውን ሥርዓት ትናፍቃለች ማለት ነው?»

ራሱ ሳቀ። ከሱ ሌላ የሳቀ አልነበረም።

«እስቲ አሥር ዓመት ወደ ፊት ትሂድ» አለ ወረቀቱን እያጠፈ። «ምን እንደምታይ እኛም እናንብብ።» ወረቀቱን ኪሱ ከቶ ሄደ።

በሳምንቱ አዴ ሳዲያ ከትምህርቱ በኋላ ቀሩ። እኔ ወረቀት ለማደል እዚያው ነበርኩ።

«መምህሬ፣ ካፒቴኗን ለምንልኝ» አሉ።

«ምን ብዬ፣ አዴ?»

«ወደ ፊት ትሂድና ጀማልን ትይልኝ። ይመጣል ወይስ አይመጣም፣ ይህችን ብቻ።»

መምህር ከማል ጠመኔውን አስቀመጡ። «አዴ፣ መርከቧ እኔ የማላውቀውን አታውቅም።»

«ኤዬ፣ እሱን መች አጣሁት» አሉ አዴ ሳዲያ። «አንተ ግን ጻፈው።»

መምህር ከማል ሦስት ሳምንት ምንም ሳይጽፉ ቆዩ። አንድ ቀን ቢሮዬ ገብተው በመስኮት ወደ ግቢው እያዩ «ታደለች፣ ያ ካድሬ ልጅ የሚፈልገውንና አዴ ሳዲያ የሚፈልጉትን በአንድ ወረቀት እንዴት አድርጌ ላስቀምጠው?» አሉ። በማግስቱ ሰባተኛውን ጉዞ ይዘው መጡ።

በሰባተኛው ጉዞ «አዌቱ» አሥር ዓመት ወደ ፊት ሄዳ ጅማ ላይ አረፈች። ካፒቴን ዘይነባ ከተማውን ዞረች፤ አዳዲስ ቤቶችን አየች፤ መናኸሪያው ደረሰች። አረንጓዴ አውቶቡስ ገባ። አንድ የከሳ ሰው ቦርሳውን በትከሻው አድርጎ ወረደ። ማዶ ጥግ ላይ ተቀምጠው የነበሩ አንዲት አሮጊት ብድግ አሉ። ካፒቴኗ የሰውየውን ስም አልመዘገበችም። ጽሑፉ የሚያበቃው አሮጊቷ ሲነሡ ነው።

መሐል ላይ ደግሞ ስለ አደባባዩ ሁለት መስመር ነበረ፦ የመሪዎቹ ሥዕሎች በቀይ ጨርቅ ደምቀው እንደተሰቀሉና ሕዝቡ የአብዮቱን ድል እንደሚያከብር የሚናገር።

ስተይበው ገጹ አልበቃኝም። የመጨረሻዋ ዓረፍተ ነገር፣ አሮጊቷ የሚነሡባት፣ ውጪ ቀረች። ሦስተኛ ስቴንስል የለም። አዴ ሳዲያ የሚጠብቁት እሷን እንደሆነ አውቃለሁ። የቱ ቢወጣ እንደማይጎድል ፈለግኩና ስለ አደባባዩ የሚሉትን ሁለት መስመሮች አወጣኋቸው። ታሪክ የላቸውም፤ ግድግዳው ላይ በየቀኑ የምናየው ነገር ነው ብዬ ነው። መምህር ከማልን አልጠየቅኳቸውም። እነዚያ ሁለት መስመሮች ለምን እንደተጻፉ ማሰብ ነበረብኝ፤ ግን ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር፣ አላሰብኩም።

ወረቀቱ በታደለ ቀን ካድሬው መጣ። ሁለት ሰዎች ተከትለውት ነበር፤ በሩ ላይ ቆሙ። «ማን ያነብልናል?» ሲል አዴ ሳዲያ ብድግ አሉ። ያንን ወረቀት ያለማንም እርዳታ ከዳር እስከ ዳር ዘልቀውት ስለነበር ኩራታቸው ከፊታቸው ላይ ይነበብ ነበር። በጣታቸው እየተከተሉ አነበቡ። አሮጊቷ የሚነሡበት ሲደርሱ ወረቀቱን ወደ ዓይናቸው አስጠጉ።

«ከተማውን የምትዞርበትን እንደገና አንብቢው» አለ ካድሬው።

አነበቡ።

«ከዚያስ?»

«ከዚያ መናኸሪያ ነው» አሉ አዴ ሳዲያ።

ካድሬው ወደ መምህር ከማል ዞረ። «አደባባዩስ? የመሪዎቻችን ሥዕሎችስ?»

መምህር ከማል እጃቸው ላይ የነበረውን ወረቀት አዩ። መስመሮቹ እንደሌሉ ያወቁት ያን ጊዜ ነው። እኔ ሁለት እርምጃ ርቄ ቆሜያለሁ። ወደ እኔ አላዩም።

«ረስቼው ነው» አሉ።

«አሥር ዓመት ወደ ፊት ሄደህ የአውቶቡሱን ቀለም ሳትረሳ፣ ሥዕሎቹን ረሳሃቸው?» ድምፁን ከፍ አላደረገም። «ወይስ ስትደርስ አልነበሩም?»

ካድሬው እጁን ዘረጋ።

«በእጅህ የጻፍከው የት አለ?»

«ከተተየበ በኋላ እጥለዋለሁ።»

ወረቀቱ መሳቢያዬ ውስጥ ነበር። መምህር ከማልም ያውቁ ነበር፤ ጽሑፋቸውን ሁልጊዜ እዚያ ነበር የማስቀምጥላቸው። «ሰሌዳውን ላጥፋ» ብለው አስፈቀዱና ሰሌዳውን በቀስታ ጠርገው፣ ሴቶቹን «ደህና ዋሉ» ብለው ከሁለቱ ሰዎች ጋር ወጡ።

ያን ዕለት ወረቀቱን ቤቴ ወሰድኩት። ያኔ ቤተ ክርስቲያናችን ተዘግቶ ስለነበር እሑድ እሑድ አሥራ አምስት የምንሆን ሰዎች በእኛ ቤት መጋረጃ ዘግተን እንጸልይ ነበር። ባለቤቴ ወረቀቱን አንብቦ «ይህ እሳቸውን ያስወጣል፤ አንቺን ግን ያስገባል» አለኝ። «ቤቱን ሊፈትሹ ሲመጡ ደግሞ እዚህ የሚጸልዩትን ሁሉ ያገኛሉ።» ልክ ነበር። ግን ልክ መሆኑ አያጽናናኝም። በማግስቱ ጠዋት ከሰል ምድጃው ላይ አቃጠልኩት። ሁለቱ መስመሮች ሲቃጠሉ አየሁ ብል ውሸት ነው፤ ዓይኔን ጨፍኜ ነበር።

ካድሬው አንድ ጊዜ ቢሮዬ መጥቶ ጠየቀኝ። «የሰጠሽን እንዳለ ነው የተየብሽው?» አለኝ። «የሰጡኝን ነው የተየብኩት» አልኩት። ሰላሳ ምናምን ዓመት ሙሉ ጆሮዬ ላይ ያለችው ይህች መልሴ ናት።

መምህር ከማል አሥራ አንድ ወር ታሰሩ። ባለቤታቸው ወይዘሮ ራሕማ ስንቅ ይዘው ሲያልፉ በቢሮዬ መስኮት አያቸው ነበር። መርከቧን በስሟ የሚጠራ ጠፋ፤ ወረቀቶቹ ተሰበሰቡ፤ በየቤቱ ያሉትም ተቃጠሉ። ትምህርቱን የሚሰጥ ሌላ ሰው ተመደበና ሴቶቹ መፈክር ወደ ማንበብ ተመለሱ።

ሲፈቱ ልጠይቃቸው ሄድኩ። የግራ እጃቸው ሁለት ጣቶች አይታጠፉም ነበር። ወይዘሮ ራሕማ ሻይ ሊያመጡ ሲወጡ «መስመሮቹን እኔ ነኝ ያወጣኋቸው» አልኳቸው።

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አሉ?»

«አንዳችን መግባታችን ላይቀር፣ ሁለታችን ገብተን ለማን እንጠቅማለን?» አሉ። ከዚያ ጣቶቻቸውን እያሹ እንዲህ አሉኝ፦ «ታደለች፣ የታሰርኩት ላልሠራሁት ነው። ለሠራሁት ግን ማንም አልጠየቀኝም።»

ያኔ አልገባኝም ነበር። «የሠራሁት» ያሉት አዴ ሳዲያን በፈጠሩት ጽሑፍ ማስጠበቃቸውን ነው። በመጋዘኑ ሁሉም ያውቃል፤ አዴ ሳዲያ ያንን ወረቀት ካነበቡ ጀምሮ ቅዳሜ ቅዳሜ መናኸሪያ እየሄዱ አንድ ጥግ ላይ ይቀመጡ ነበር። አንዳንዶቹ አእምሯቸው ተነካ ይሉ ነበር። መምህር ከማል ይህን እስር ቤት ሆነው ሰምተዋል። ከተፈቱ በኋላ ቅዳሜ ቅዳሜ አብረዋቸው ይቀመጡ ጀመር። ዳቦና ሙዝ ይዘው ይሄዳሉ፤ እስከ መጨረሻው አውቶቡስ ይጠብቃሉ፤ ከዚያ አዴን ቤታቸው ያደርሳሉ። ዝናብ ቢሆንም፣ ቢታመሙም አላስተጓጎሉም። ይህ ዓመታት ቆየ።

ደርግ ወደቀ። ሠራዊቱ ተበተነና ወታደሮቹ በጭነት መኪናም በእግርም ወደየአገራቸው ጎረፉ። መናኸሪያው ከሲታ ወጣቶች ሞሉበት፤ ጫማ የሌላቸው፣ ክንዳቸው የጎደለ። ከዚያ ሰሞን ቅዳሜዎች በአንዱ መምህር ከማል ከመናኸሪያ በቀጥታ እኔ ቤት መጡ። ሲያለቅሱ ያየኋቸው ያን ቀን ብቻ ነው። የሆነውን እንዲህ ሲሉ ነገሩኝ።

አንድ አውቶቡስ ሙሉ የተበተነ ወታደር ይዞ ገባ። እናቶች ሁሉ ወደ በሩ ተሻሙ። አዴ ሳዲያ ግን የሙዙን ልጣጭ እያጠፉ ቁጭ ብለዋል፤ የሚወርዱትን ቀና ብለውም አላዩም። ያን ጊዜ መምህር ከማል አላስችል ብሏቸው «አዴ፣ ዓውፍ ይበሉኝ፣ ይቅር ይበሉኝ። ያንን ጽሑፍ ከራሴ ፈጥሬ ነው የጻፍኩት። ያ ከአውቶቡስ የወረደው ሰው የለም» አሏቸው።

አዴ ሳዲያ ከጉያቸው የተጣጠፈ ወረቀት አውጥተው ሰጧቸው። ከጀማል ጓደኛ የተጻፈ ነው። ጀማል የት እንደወደቀ፣ ማን እንደቀበረው ይናገራል። የመጣው መምህር ከማል በታሰሩ በአራተኛው ወር ነው።

«ማን አነበበልዎት?» አሏቸው መምህር ከማል።

«ራሴ ነኛ» አሉ አዴ ሳዲያ። «ማንበብ አስተምረኸኝ የለ?»

«ታዲያ እዚህ ምን እንሠራለን፣ አዴ?»

«ቤት ስቀመጥ ሞቷል። እዚህ ስሆን ገና ነው፣ ወላሂ። አንተም መምጣት የምትፈልግ መሰለኝ፤ ብነግርህ ትቀርብኛለህ ብዬ ዝም አልኩ።»

ወረቀቱን መልሰው ጉያቸው ከተው፣ «ይመሻል፣ እንሂድ» አሉ። ሁለቱም ተነሥተው ሄዱ። በቀጣዩ ቅዳሜም ሁለቱም እዚያው ነበሩ። አዴ ሳዲያ እስኪሞቱ ድረስ እንዲሁ ሆነ።

መምህር ከማል ከታሰሩ ወዲህ ስለ «አዌቱ» አንድ መስመር አልጻፉም። ብዙ ሰው ጠይቋቸዋል። አንድ ወጣት ጋዜጠኛ መጥቶ ስምንተኛውን ጉዞ እንዲጽፉለት ሲለምናቸው ሰምቻለሁ። «የማላውቀውን አንድ ጊዜ ጽፌያለሁ፤ ይበቃኛል» ነው ያሉት። ጂኦግራፊ ማስተማሩን ግን ጡረታ እስኪወጡ አላቋረጡም፤ ከዚያም በኋላ የሰፈሩን ልጆች በረንዳቸው ላይ በነጻ ያስጠኑ ነበር። ለተማሪ ክፉ ቃል ሲወጣቸው የሰማ የለም። ልጆች ሲሳሳቱ «ቆይ፣ እንደገና እንየው» ይሉ ነበር፤ ሁልጊዜ «እንየው» እንጂ «እየው» አይሉም።

ጋሽ ከማል፣ መስመሮቹን ማውጣቴን ነግሬዎት ነበር። ወረቀቱን ማቃጠሌን ግን አልነገርኩዎትም። ስንት ጊዜ በርዎ ላይ ደርሼ፣ ሻይ ጠጥቼ፣ ስለ ልጆቻችን አውርተን ተመለስኩ። እርስዎም አንድ ቀን «ያ ወረቀት የት ደረሰ?» አላሉኝም። የሚያውቁ ይመስለኝና እፎይ እላለሁ፤ የማያውቁ ይመስለኝና ደግሞ እንቅልፍ አጣለሁ። አሁን የቱ እንደነበር የሚነግረኝ ሰው የለም፤ ያንን ራሴ በራሴ ላይ ያመጣሁት ነው። ካድሬው ፊት የተናገርኳትን ቃል ዛሬ በልጆችዎና በተማሪዎችዎ ፊት እመልሳለሁ፦ የሰጡኝን አልተየብኩም። እርስዎ የጻፉት ሙሉ ነበር፤ ያጎደልኩት እኔ ነኝ። በሕይወት ሳሉ መስማት ሲገባዎ ከሄዱ በኋላ ስለምነግርዎ ይቅር ይበሉኝ። አላህ ማረፊያዎን ያስፋልዎት። ደህና ይሁኑ፣ ጋሽ ከማል።